ዞጲ ጥቁር ወርቅ አይደለም፤ «ጥቁሩ ወርቅ በቆላችን» ለሚለው ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን «ጥቁሩ ወርቅ በቆላችን» የሚል ጽሑፍ ከሰው ሰው ሲዞር ከርሟል። ለእኔ ብቻ አራት ሰው ልኮልኛል። የሚያውቁኝ ሰዎች ክላርኔት እንደምነፋ፣ የተሰነጠቀ ክላርኔትም እንደምጠግን ያውቃሉ። ጽሑፉ ደግሞ ክላርኔት ስለሚሠራበት ዛፍ ነው፤ ስለ ዞጲ።

ጸሐፊው ለአገር የሚቆረቆሩ ሰው ናቸው። ከአጻጻፋቸው ያስታውቃል። ስለ ዞጲ በአማርኛ የሚጽፍ ሰው ማግኘት ራሱ ብርቅ ነው፤ ለዚህ ከልቤ አመሰግናቸዋለሁ። ግን ጽሑፉ ውስጥ ዝም ብሎ ለማለፍ የሚከብዱ ስህተቶች አሉ። አንዳንዶቹ የገበሬ ገንዘብ ያስበላሉ። አንዱ ደግሞ ዛፉን ራሱን ያስመነጥራል።

ላላነበባችሁት ሐሳባቸው ባጭሩ ይኼ ነው። ዞጲ ማለት ኢቦኒ ነው። በ15 ዓመት ለመጋዝ ስለሚደርስ ቆላ መሬት ያለው ሁሉ ይትከለው፤ ያከብራል። የክላርኔት ድምፅ የሚያምረው እንጨቱ ራሱ ስለሚዘምር ነው። ዛፉን ያመናመኑት የሙዚቃ መሣሪያ ፋብሪካዎች ናቸው፤ ዓለምም ንግዱን ስለከለከለ እኛም መቁረጥን ጨርሰን መከልከል አለብን። አሁን በቆላችን በየቦታው የሚታየው ዞጲ ግን «ጠማማ ቁጥቋጦና እሾህ» ስለሆነ ተመንጥሮ በአዲስ ችግኝ መተካት አለበት።

ብዕር ያስነሣኝ ይኼ የመጨረሻው ነው። እሱ ጋ እስክደርስ በቅደም ተከተላቸው ልሂድ።

«ዞጲ ማለት ኢቦኒ ነው»

የስም ጉዳይ ነው ተብሎ የሚታለፍ ይመስላል። ግን ገበያ ላይ ስም ማለት ዋጋ ነው።

ዛሬ በዓለም ገበያ ኢቦኒ የሚባለው ዳዮስፓይረስ ከሚባል የዛፍ ወገን የሚገኝ እንጨት ነው። በጣም የሚፈለገው ከካሜሩንና ከጋቦን ዝናባማ ደኖች ይመጣል። የቫዮሊንና የጊታር ጣት የሚያርፍበት ጥቁር ጣውላ፣ የድሮ ፒያኖ ጥቁር ቁልፎች ከእሱ ነው የሚሠሩት። የእኛ ዞጲ ሌላ ዘር ነው። ሳይንሳዊ ስሙ ዳልበርጂያ ሜላኖክሲሎን ነው። ወገኑ ከባቄላና ከአተር ጋር ነው። ፍሬውን አይቶ የሚያውቅ ሰው ይኼን አያጣውም። እንደ ወረቀት የሳሳ፣ ጠፍጣፋ እሸት ነው፤ ውስጡ አንድ ወይም ሁለት ፍሬ አለ፤ ሲደርቅ ነፋስ ይዞት ይሄዳል። ዝናባማ ደን አይወድም። ከሴኔጋል እስከ ኢትዮጵያና ኤርትራ፣ ከዚያ ወደ ደቡብ እስከ ደቡብ አፍሪካ፣ በጋው በሚበረታበት ደረቅ ጫካ ውስጥ ይኖራል። ለኢቦኒ የሚዛመድ ዛፍ በቆላችን የሚፈልግ ሰው ካለ ሰርኪንን ይመልከት። ፍሬው የሚበላው ሰርኪን የዳዮስፓይረስ ዘር ነው።

እዚህ ላይ ግን ጸሐፊው ሳያውቁት ወደ አንድ ትልቅ እውነት ተጠግተዋል። «ኢቦኒ» የሚለው ቃል መጀመሪያ የዞጲ ስም ነበር። የጥንት ግብፆች ይኼን ጥቁር እንጨት «ህብኒ» ይሉት ነበር። ቃሉ በግሪክ አልፎ፣ በላቲን ዞሮ፣ አውሮፓ ሲደርስ «ኢቦኒ» ሆነ። ከብዙ ዘመን በኋላ አውሮፓውያን ሌሎች ጥቁር እንጨቶችን ሲያገኙ ስሙን ለእነዚያ ሰጧቸው። ግብፅ ውስጥ በቁፋሮ ከተገኙት የጥንት የኢቦኒ ዕቃዎች ብዙዎቹ በእንጨት ባለሙያዎች ሲመረመሩ የዳልበርጂያ ሜላኖክሲሎን ሆነው ተገኝተዋል። ንግሥት ሐትሼፕሱት ከዛሬ 3400 ዓመት በፊት ቀደም ብሎ መርከቦቿን ወደ ፑንት ልካ ነበር። ደይር ኤል ባህሪ በሚገኘው ቤተ መቅደሷ ግድግዳ ላይ መርከቦቹ ጭነው የተመለሱት ተቀርጿል። ከርቤ አለ፤ የዝሆን ጥርስ አለ፤ ይኼ ጥቁር እንጨትም አለ። ፑንት ደግሞ በዛሬዎቹ ሱዳን፣ ኤርትራና ኢትዮጵያ አካባቢ እንደነበረች ብዙ ተመራማሪዎች ይስማማሉ።

በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስም ስሙ አለ። ሕዝቅኤል 27፥15ን ተመልከቱ፤ ወደ ጢሮስ ከዝሆን ጥርስ ጋር የሚሄደው እንጨት ዞጲ ተብሏል። ተርጓሚዎቹ ቃል አልተዋሱም። ለጥቁር እንጨት የራሳችን ስም ነበረንና። መተማና ቋራ ወርዳችሁ ብትጠይቁ ደግሞ ዞቢ ይሏችኋል።

ታዲያ ስሙን ለምን አጠብቃለሁ? አንድ ጊዜ ዳሬሰላም ሄጄ ከመንገድ ዳር ሻጭ ላይ «ምፒንጎ» ተብሎ የተሸጠልኝ ትንሽ ቅርጽ ነበር። ምፒንጎ በስዋሂሊ ዞጲ ነው። በደቡብ ታንዛኒያና በሰሜን ሞዛምቢክ ያሉት ማኮንዴዎች የሚቀርጹት እንጨት ነው፤ ዕውቅ የሆኑበት። ደስ ብሎኝ ከፈልኩ። አዲስ አበባ መጥቼ በእርጥብ ጨርቅ ስወለውለው ጨርቁ ጠቆረ። የጫማ ቀለም ነበር። ከሥሩ በቢላ ፋቅ ሳደርገው ውስጡ ነጣ ያለ ተራ እንጨት ነው።

ከዚያ ወዲህ የምፈትንበትን ዘዴ ልንገራችሁ። እንጨቱን ባልዲ ውሃ ውስጥ ጣሉት። ዞጲ እንደ ድንጋይ ይሰምጣል። ከውሃ ይከብዳል፤ አንድ ሊትር ውሃ የሚይዘውን ቦታ የሚሞላ ዞጲ 1 ኪሎ ከ200 ግራም ገደማ ይመዝናል። ሁለተኛ፣ ከታች በኩል በብርጭቆ ወረቀት ፈግፍጉት። የሚወጣው ዱቄት ጥቁር ብቻ አይደለም፤ ወይን ጠጅ ያለበት ጥቁር ነው። ሦስተኛ፣ ከዳሩ ላይ ቢጫ ወደ ነጭ የሚያደላ ቀጭን መስመር ካለ ደስ ይበላችሁ። ልቡ ጥቁር ሆኖ ዙሪያው ነጭ ሽፋን ያለው እሱ ነው። ሻጮች ይኼን ነጭ እንደ ጉድለት ይደብቁታል። ለእኔ መታወቂያው ነው።

«በ15 ዓመት ለመጋዝ ይደርሳል»

አይደርስም። በዚህ ላይ ማለሳለስ አልፈልግም፤ ሰው መሬቱን የሚሰጠው እንዲህ ያለ ነገር አምኖ ነው።

ባሕር ዛፍ ለምዶብን ዛፍ ሁሉ እንደ ባሕር ዛፍ የሚተኮስ ይመስለናል። ዞጲ ለክላርኔት የሚሆን ልብ ለማበጀት ከ70 እስከ 100 ዓመት ይፈጃል። ዛፉ ያን ሁሉ ዘመን ኖሮም ትልቅ አይደለም። ብዙውን ጊዜ ከ5 እስከ 15 ሜትር ነው። ከሥሩ በብዙ ግንድ ይወጣል፤ ይጣመማል፤ ገላው ጎድጎድ ጎርበጥ ያለ ነው። ከውጭ ወፍራም መስሎ የታየው ግንድ ሲሰነጠቅ ውስጡ ባዶ ወይም የተሰነጣጠቀ ሆኖ ይገኛል። ከዚያ ነጩ ሽፋን ይነሣል፤ ጉጥ ያለበት ይጣላል፤ የተጠማዘዘው ይጣላል። ከተቆረጠው ግንድ መጨረሻ ላይ መሣሪያ የሚሆነው 10 በመቶ እንኳ አይሞላም። ያም ቢሆን ወዲያው ቶርኖ ላይ አይወጣም። ጫፉ በሰም ተደፍኖ፣ ጥላ ውስጥ ተቀምጦ፣ ለዓመታት ቀስ እያለ መድረቅ አለበት። ከቸኮሉበት ይሰነጠቃል።

እኔም ከዚህ እንጨት ያየሁት መከራ አለ። አዲስ አበባ በኅዳርና በታኅሣሥ አየሩ ምን ያህል ደረቅ እንደሆነ ታውቃላችሁ። ጠዋት በብርድ ክላርኔት አንሥቶ መንፋት ማለት ውስጡን በትኩስ እርጥብ ትንፋሽ መሙላት፣ ውጩን ለብርድ መተው ነው። የመጀመሪያ ክላርኔቴ የላይኛው ክፍል እንዲህ ሆኖ ተሰነጠቀብኝ። ፀጉር የምታህል መስመር ነበረች፤ ግን አንድ ቀዳዳ አልፋ ሄዳለች። የጠገንኩት በራሱ በዞጲ ዱቄት ነው። የእንጨቱን ብናኝ ከሙጫ ጋር ስንጥቁ ውስጥ ሞልቼ፣ አድርቄ፣ ፈግፍጌ። ዛሬ መስመሯን ፈልጎ የሚያገኛት የለም። ያቺን ብናኝ ከጠረጴዛዬ ላይ በላባ ስሰበስብ ነው ይኼ ዛፍ ስንት ዘመን ቆሞ እንደሰጠን የገባኝ።

ታዲያ አይተከል ማለቴ ነው? ፈጽሞ። በታንዛኒያ ኪሊማንጃሮ ሥር ሴባስቲያን ቹዋ የሚባሉ የዕፅዋት ሰው ነበሩ። ጄምስ ሃሪስ ከተባለ አሜሪካዊ እንጨት ጠራቢ ጋር በ1996 እ.ኤ.አ. የአፍሪካ ጥቁር እንጨት ጥበቃ ፕሮጀክትን አቋቋሙ። የትምህርት ቤት ልጆችን አሰባስበው ምፒንጎ አስተከሉ። አሁን በሕይወት የሉም። የተከሉትን አንዱንም ለመጋዝ ደርሶ አላዩትም፤ እንደማያዩትም አውቀው ነው የተከሉት። ለልጅ ልጅ የሚተከል ዛፍ ነው። ለአንድ ገበሬ «በ15 ዓመት ትከብራለህ» ብሎ ማስተከል ግን ሌላ ነገር ነው። ገበሬው በ16ኛው ዓመት ክንዱን የማያህል ግንድ ሲያይ የሚያደርገው ይታወቃል። ከሰል ያደርገዋል። ከዚያ ወዲያ ዞጲ ትከል ቢሉት ማንን ይሰማል?

«እንጨቱ ራሱ ይዘምራል»

ይኼ ቆንጆ አባባል ነው፤ ስለዚህ ብዙ አልጨቃጨቅበትም። በክላርኔት ውስጥ የሚዘምረው አየሩ ነው። አፍ የሚገባበት ጫፍ ላይ የሚታሰረው ሸምበቆ ይርገበገባል፤ ቱቦው ውስጥ ያለው አየር ይነዝራል። የእንጨቱ ሥራ አለመንቀሳቀስ ነው። ዞጲ ጥቅጥቅ ያለ፣ የራሱ ቅባት ያለው ስለሆነ ከትንፋሽ የሚመጣው እርጥበት ቶሎ አይገባበትም። ቀዳዳ ሲበሳበት ጠርዙ ስለት ሆኖ ይወጣል፤ ያም ቅርጽ ለብዙ ዘመን ይቆያል። ክላርኔትና ኦቦ የሚባለው ሌላው የትንፋሽ መሣሪያ ድሮ ከሌላ እንጨት ይሠሩ የነበረው ቀርቶ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ወደ ዞጲ የዞሩት በዚህ ነው። በሳክስፎን ፉከራና ሽለላ ያሰሙን ጌታቸው መኩሪያ ክላርኔትም ነፍተዋል። ያ ድምፅ የሳቸው ትንፋሽ ነው።

«ዛፉን የጨረሱት ፋብሪካዎች ናቸው»

ግማሽ እውነት ነው። ግማሹን እቀበላለሁ።

ፋብሪካዎቹ የሚፈልጉት እንጨት በብዛት ሲታይ ትንሽ ነው። ክላርኔት በክንድ የሚታቀፍ ነገር ነው። ጥፋታቸው ምርጫቸው ላይ ነው። ቀጥ ያለውን፣ ንጹሑን፣ ጤነኛውን ዛፍ እየለዩ ያስወስዳሉ። ጫካው ውስጥ ዘር እንዲበትን የሚቀረው ጠማማው ነው። ሁለተኛው ጥፋት ዋጋ ነው። ለዘመናት ግንዱ ከጫካ ሲወጣ እዚያው የሚኖረው ሰው እጅ የሚገባው ሳንቲም ነበር። አውሮፓ ደርሶ ክላርኔት ሲሆን ግን በሺህ ዶላር ይሸጣል። ይኼ ያሳፍራል። ፋብሪካዎቹ ሊጠየቁበት ይገባል።

ዛፉን ከቦታው የሚያጠፋው ግን በዋናነት ሌላ ነው። ጫካው ለእርሻ ይመነጠራል። ከሰል ይከሰላል፤ የዞጲ ከሰል እሳቱ ኃይለኛ ነው። በበጋ መጨረሻ ሣሩ ሁሉ እንደ ገለባ ደርቆ ሳለ እሳት ይለቀቃል። ትልቁ ዞጲ እሳትን ይቋቋማል። ችግኙ ግን ከአፈር በላይ ያለውን ሁሉ ያጣና በክረምቱ እንደገና ከሥሩ ይጀምራል። በዓመቱ ደግሞ እሳት። እንዲህ እያለ ለዓመታት ከጉልበት በታች ይቀራል። አንድም ምሳር ሳያርፍበት ያረጃል ማለት ነው። ፋብሪካዎቹ ነገ ቢዘጉ ይኼ እሳት አይጠፋም።

ፋብሪካዎቹ ጨርሶ እንቅልፍ ላይ ናቸው ማለትም አይቻልም። ቡፌ ክራምፖን የሚባለው የፈረንሳይ ክላርኔት ሠሪ ለክላርኔት የማይሆነውን ቁርጥራጭና ብናኝ ፈጭቶ፣ ከማጣበቂያ ጋር ጨምቆ «ግሪን ላይን» የሚለውን ክላርኔት ይሠራል። ነፍቼው አውቃለሁ። አይሰነጠቅም። በእኛ ታኅሣሥ ትልቅ ነገር ነው።

«ዓለም ከልክሎታል፤ እኛም ጨርሰን እንከልክል»

በመጀመሪያ፣ ዓለም አልከለከለውም። የዱር እንስሳትና ዕፅዋት ዓለም አቀፍ ንግድን የሚቆጣጠረው ስምምነት፣ ሳይተስ የሚባለው፣ በ2016 እ.ኤ.አ. ጆሃንስበርግ ላይ ተሰብስቦ የዳልበርጂያ ወገኖችን ከሞላ ጎደል በሙሉ በሁለተኛው ዝርዝሩ ውስጥ አስገባ። ከጥር 2 ቀን 2017 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ሥራ ላይ ዋለ። ሁለተኛው ዝርዝር ማለት ያለ ፈቃድ ድንበር አያልፍም ማለት ነው እንጂ አይሸጥም ማለት አይደለም። ያኔ ክላርኔት ከአገር አገር የሚሸጥ ሁሉ ወረቀት ፍለጋ ተንከራተተ። በ2019 እ.ኤ.አ. ጄኔቫ ላይ ተሠርተው ያለቁ የሙዚቃ መሣሪያዎች ከቁጥጥሩ ነፃ ሆኑ። ግንዱና ጣውላው ግን አሁንም በፈቃድ ነው።

ጨርሶ ይከልከል የሚለው ሐሳብ ከየት እንደሚመጣ ይገባኛል። እኔም አንድ ሰሞን እንደዚያ አስብ ነበር። ሐሳቤን የቀየረው ኪልዋ ነው።

ኪልዋ በደቡብ ምሥራቅ ታንዛኒያ በባሕር ዳርቻ ያለ ወረዳ ነው። ምፒንጎ በብዛት አለበት። ታንዛኒያ በ2002 እ.ኤ.አ. ባወጣችው የደን ሕግ መንደሮች የራሳቸውን ደን ከልለው፣ ዕቅድ አውጥተው እንዲያስተዳድሩና ገቢውን ራሳቸው እንዲወስዱ ፈቀደች። ምፒንጎ ጥበቃና ልማት ኢኒሼቲቭ የሚባል ድርጅት ኪልዋ ውስጥ ከመንደሮች ጋር ሠራ። ደኑን ቆጠሩ። ስንት ዛፍ እንዳለ፣ ስንቱ ለመቆረጥ እንደደረሰ፣ በዓመት ስንት ቢወሰድ ደኑ እንደማይጎዳ አሰሉ። በ2009 እ.ኤ.አ. ኪኮሌና ኪሳንጊ የተባሉ መንደሮች ደናቸው በኃላፊነት እንደሚያዝ የሚያረጋግጠውን የኤፍ.ኤስ.ሲ. የምስክር ወረቀት አገኙ። በማኅበረሰብ ለሚተዳደር የተፈጥሮ ደን በአፍሪካ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ በፊት መንደሩ ከአንድ ግንድ የሚያገኘው 8 የአሜሪካ ሳንቲም ነበር። ከምስክር ወረቀቱ በኋላ ወደ 19 ዶላር ደረሰ።

ቁጥሩን እንደገና አንብቡት። 8 ሳንቲም። ለ80 ዓመት ለኖረ ዛፍ።

እስቲ የዚያ መንደር ሰው ሁኑ። በ8 ሳንቲም ዘመን አንድ ሰው ማታ በጭነት መኪና መጥቶ ዛፉን ቢቆርጥ ምን አገባችሁ? ምናልባት እናንተም ትረዱታላችሁ፤ የቀን ሥራ ነው። በ19 ዶላር ዘመን ግን ያው ሰው ከመንደሩ ካዝና እየሰረቀ ነው። ራሳችሁ ትይዙታላችሁ። እሳቱንም እንደዚያው። መንደሮቹ ሣሩ ጨርሶ ሳይደርቅ፣ በበጋው መጀመሪያ፣ ለስላሳ እሳት እየለቀቁ የኋለኛውን ኃይለኛ እሳት መከላከልን ተማሩ። በደን ጥበቃ ደመወዝ የሚከፈለው አንድ ሰው ያን ሁሉ ጫካ ዞሮ አይጨርሰውም። መንደር ግን ይችላል።

ክልከላ ብቻውን ሲወጣ ይኼ ሁሉ ይቀራል። ዛፉ ለገበሬው ምንም አይሰጠውም፤ መሬቱን ግን ይይዝበታል። በሕግ የተከለከለ፣ በኪስ የማይጠቅም ዛፍ በምን ዕድሜው ይቆያል? ጸሐፊው ራሳቸው «ተክላችሁ ሸጣችሁ ክበሩ» ብለው ወረድ ብለው «መቁረጥ ይከልከል» ማለታቸው የትኛውን ገበሬው እንዲሰማ እንደሆነ አልገባኝም።

በማኅበረሰብ የሚተዳደር ደን ለእኛም እንግዳ አይደለም። አሳታፊ የደን አስተዳደር በጭልሞ፣ በቦንጋ፣ በአዳባ ዶዶላ ከ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. ጀምሮ ተሠርቶበታል። የደን ልማት፣ ጥበቃና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 1065/2010 የማኅበረሰብ ደንን ያውቃል። አብዛኛው ልምዳችን ግን የደጋና የወይናደጋ ደን ላይ ነው። የቆላው ጫካ፣ ዞጲና የዕጣን ዛፍ ያለበት፣ ደን ተብሎም የሚቆጠረው በስንት መከራ ነው። ጸሐፊው ድምፃቸውን ለዚህ ቢያነሡ አብሬያቸው እጮህ ነበር።

«ጠማማ ቁጥቋጦና እሾህ ስለሆነ ይመንጠር»

ሁለት ዓመት ሆነው፤ ለሥራ ወደ መተማ ወርጄ ነበር። ወሩ የካቲት ነው። ሙቀቱ ከመኪና ስትወርዱ ፊታችሁን ይገፋል። መንገዱ ግራና ቀኝ የሰሊጥ ማሳ ነው፤ ታጭዶ ባዶውን ተኝቷል። መሐል መሐል ላይ ብቻቸውን የቀሩ ዛፎች ይታያሉ። አብሮኝ የነበረው ልጅ ዞቢ ማየት እንደምፈልግ ሲያውቅ ከዋናው መንገድ ወጣ ብሎ ወደሚኖሩ አንድ አዛውንት ወሰደኝ።

አዛውንቱ ዛፉን ሲያሳዩኝ፣ እውነቱን ለመናገር፣ አዘንኩ። ቅጠል የለውም፤ በበጋ ያረግፋል። ግራጫ ነው። ቅርንጫፉ ጫፍ ጫፉ እሾህ ሆኗል። ለከብት መኖ ተብሎ ዓመት በዓመት እየተቆረጠ ጉልድፍድፍ ብሏል። በክላርኔት የማውቀው ያ የሚያብረቀርቅ እንጨት ከዚህ ውስጥ ነው ማለት ይከብዳል።

«አባቴ፣ ይኼን ለምን ተዉት? ማሳው ውስጥ ነው እኮ» አልኳቸው።

«ልጄ፣ ዞቢ ስለት ይበላል» አሉኝ። «ይኼን ለመጣል ስንት ቀን ምሳር መሳል አለብኝ። ደግሞስ ምን አደረገኝ? ከሥሩ ያለው እህል ከሌላው አይከፋም። በበጋ ፍየሎቹ የሚያገኙት የረገፈ ቅጠልና ፍሬ የሱ ነው።»

ስለ እህሉ ያሉት እውነት ነው፤ ምክንያትም አለው። ዞጲ እንደ ባቄላ ዘመዶቹ ሥሩ ላይ ከሚኖሩ በዓይን የማይታዩ ጥቃቅን ተሕዋስያን ጋር ሆኖ ናይትሮጅንን ከአየር ወደ አፈር ያስገባል። ቅጠሉ ረግፎ ይበሰብሳል። ማዳበሪያ በውድ በሚገዛበት አገር ይኼን ዛፍ እሾህ ብቻ ነው ብሎ ማስመንጠር ትልቅ ጥፋት ነው።

ጸሐፊው ያልጠረጠሩት ሌላም ነገር አለ። ያ «ቁጥቋጦ» ያሉት ብዙውን ጊዜ አዲስ በቅሎ የተንጨባረረ አይደለም። በእሳት፣ በፍየልና በምሳር ወደ ታች ሲባል የኖረ የድሮ ዛፍ ነው። ሥሩ ስንት ዓመት እንዳለው አይታወቅም። ዞጲ ከሥሩ ያቆጠቁጣል። ከመሬት ሥር የተዘረጋው ሥር ራቅ ብሎ ሌላ ቡቃያ ያወጣል። ስለዚህ ከችግኝ ጣቢያ መጥቶ መጀመሪያው በጋ ላይ የሚደርቅ ችግኝ ከመትከል፣ ያለውን ቡቃያ ለይቶ፣ አንዱን ጠንካራ ግንድ መርጦ፣ ከእሳትና ከፍየል ለጥቂት ዓመታት መጠበቅ ይበልጣል። ሥሩ ተዘጋጅቶ የቆመ ነው። የሚፈልገው ፋታ ነው። እንዲህ ያለውን መንጥሮ በችግኝ መተካት ማለት ምናልባት 30 ዓመት የቆየ ሥር ነቅሎ ከዜሮ መጀመር ነው።

በዚያው ጫካ ውስጥ ጎረቤቱ የሆነውን የዕጣን ዛፍ አይተን መማር ነበረብን። መተማ ላይ የዕጣን ዛፍ ትልልቁ ቆሞ ይታያል፤ ወጣቱ ግን የለም። ተመራማሪዎች ደጋግመው ጽፈውታል። ትልልቁ ሲያረጅ ተተኪ የለውም። ዞጲ ከሱ የሚሻለው ከሥሩ ማቆጥቆጡ ነው። እሱን ነው ጽሑፉ መንጥሩ የሚለው።

አዛውንቱ ስሰናበታቸው ወደ ዛፉ ጀርባ ወሰዱኝ። ከግንዱ አሥር እርምጃ ያህል ራቅ ብሎ መሬቱ ላይ የግራር እሾህ ተከምሯል። ፍየል እንዳያልፍ ነው። ማንም አላዘዛቸውም፤ ማንም አልከፈላቸውም። ጎንበስ ብዬ በእሾሁ መሐል አየሁ። ሦስት የዞጲ ቡቃያ ነበር። ሁለቱ ገና ስንዝር ናቸው። አንዱ ጉልበቴ ላይ ደርሷል።